አይታሽም

ስሜ ባጫ ነው፤ ሰፈሩ ጋሽ ባጫ ወጌሻው ይለኛል። ከአየር ጤና ወረድ ብሎ፣ ከጋራዦቹ ጀርባ በሚገባው ኮብልስቶን ላይ ሦስተኛው የቆርቆሮ በር የእኔ ነው። አርባ ዓመት ሙሉ የዞረ እግር፣ የወለቀ ትከሻ፣ የተጋጨ ጉልበት በዚያ በር ሲገባ ኖሯል። ኳስ ተጫዋቹ፣ ከመወጣጫ እንጨት የወደቀው ግንበኛ፣ ከታክሲ ሲወርድ የተንሸራተተው ሁሉ በሰው ትከሻ ተደግፎ ይገባና በራሱ እግር ይወጣል። ጉራ አይደለም፣ የሆነ ነገር ነው። ጉራም ቢሆን ይሁን፤ ቀጥዬ የምነግራችሁን ስትሰሙ ጉራዬን ትረሱታላችሁ።

ሌሊሴ አንድ ልጄ ናት፤ ሃያ ስድስት ዓመቷ ነው። እናቷ ከበደች ካረፈች ስምንት ዓመት ሆናት፤ ከዚያ ወዲህ በዚህ ቤት ያለነው ሁለታችን ብቻ ነን። ሌሊሴ ቤቴል አንድ የሴቶች ፀጉር ቤት ውስጥ ሹሩባ ትሠራለች። ትሠራ ነበር። አየ ምላሴ፣ እስከ ዛሬ አልለመደም። ጣቶቿ የእናቷ ናቸው፣ ቀጭንና ረጃጅም፤ ጥንካሬው ግን ከእኔ ነው። ሌላ ወንበር ባዶ ሆኖ እያለ እንኳ ሴቶቹ ሌሊሴን እንጠብቃለን ብለው ይቀመጡ ነበር። የሠርግ ሰሞን ሙሽሮች ከሁለት ወር በፊት ይይዟታል። ከጓደኛዋ ከሜሪ ጋር ዓለም ባንክ የራሳቸውን ፀጉር ቤት ሊከፍቱ ያስቡ ነበር፤ ስሙን ሳይቀር መርጠውለታል። ምን ብላችሁ ሰየማችሁት ስላት፣ ሲከፈት በሩ ላይ ታነበዋለህ ትለኝ ነበር።

ነገሩ የጀመረው ባለፈው ጥቅምት ነው። ጠዋት ስትነሳ ጣቶቿ አልታጠፍ ይሏታል። የፀጉር ቅባቷን ጠርሙስ ክዳን እንኳ መክፈት አቅቷት ወደ እኔ ታቀብለኛለች፤ ረፋድ ላይ ይለቃታል። ከዚያ የቀኝ እጇ አንጓ አበጠ። ያዝኩት፤ ይሞቃል፣ ከላይ ደግሞ እንደ ሊጥ ለስለስ ብሏል። ወድቀሻል ወይ አልኳት፣ አልወደቀችም። ተጋጭተሻል ወይ አልኳት፣ አልተጋጨችም። ከባድ ነገር አንስተሽ እንደሆነ አስታውሺ ብያት አሰበችና የለም አለች።

እንግዲህ የእኔ ሙያ የሚያውቃቸው ስሞች አምስት ናቸው፤ ወለምታ፣ ውልቃት፣ ስብራት፣ ቁርጥማት፣ ብርድ። ያልወደቀ ያልተጋጨ ሰው፣ ያውም ወጣት፣ አንጓው ካበጠ ብርድ ነው። ቀኑን ሙሉ የራሰ ፀጉር ይዛ የምትውል ልጅ ብርድ ባይገባት ነው የሚገርመኝ። ብርድ ነው አልኳት፣ ብርድ ደግሞ ይታሻል። እሺ አባዬ አለችኝ፤ ከልጅነቷ ጀምሮ እሺ ማለት ታውቃለች።

ማታ ከሥራ ስትመለስ ዱካዋ ላይ ተቀምጣ እጇን ጭኔ ላይ አደረገች። የኑጉን ዘይት አሞቅሁ። ከጣት ወደ ክንድ፣ ከክንድ ወደ ጣት አሸሁ፤ በመጨረሻ አንጓውን በሁለት እጄ ይዤ ቦታውን እንዲይዝ ሳብ አደረግሁት። ሰው እዚያች ላይ ይጮሃል። አርባ ዓመት የሰማሁት ጩኸት ነው፣ አልደነግጥለትም። ሌሊሴ አልጮኸችም፤ ሻርፗን ነክሳ ዓይኗን ጨፈነች። ጎበዝ፣ የወጌሻ ልጅ፣ አልኳትና በፋሻ ጠበቅ አድርጌ ጠቀለልኩላት። በማግሥቱ ማታም አሸኋት፤ በሦስተኛውም። እንዲህ እንዲህ እያለ ጥቅምት አለቀ።

እውነቱን ልናገርና፣ ደስ ብሎኝ ነበር። ምን ዓይነት አባት ልጁ ስትታመም ደስ ይለዋል ትሉ ይሆናል። ሰው ከቤቴ እየሸሸ ነበር። ከእኛ ሰፈር እስከ ቤቴል ክሊኒክ በክሊኒክ ሆኗል፤ እግሩ የዞረ ሁሉ ራጅ ልነሳ ነው የሚለው። አንዳንድ ሳምንት በሬን የሚያንኳኳ አንድ ሰው ብቻ ነው፣ እሱም ቆጣሪ አንባቢው። ሌሊሴ ግን ማታ ማታ ትመጣለች። ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ጀምሮ ሰዓቴን እያየሁ እጠብቃታለሁ፣ ዘይቱን አዘጋጃለሁ፣ እጄን እታጠባለሁ። የሚፈልገኝ ሰው አገኘሁ ብዬ ነው ደስ ያለኝ።

ደግሞ ለሰው አሳይቻታለሁ። ይህን ስናገር አፍራለሁ፣ ግን ልናገረው። አንድ ጉልበቱ ያበጠ ሰውዬ ከሚስቱ ጋር መጥቶ በሩ ላይ ሲያመነታ፣ ሌሊሴን ከጓዳ ጠርቼ እጇን አሳየሁት። የገዛ ልጄን የማሻት እኔ ነኝ፣ ሐኪም ቤት ደጃፍ ረግጣ አታውቅም፣ አልኩት። ሌሊሴ እጇን ዘርግታ ቆመች፤ ፈገግም አለችለት። ሰውዬው ሱሪውን ሰብስቦ ተቀመጠ። ሚስትየዋ ልጄን መረቀቻት።

እኔ የማየው በዓይኔ አይደለም፣ በእጄ ነው። የተሰነጠቀ አጥንት ከቆዳ በላይ ሆኜ አውቀዋለሁ። ኅዳር ላይ አንድ ማታ ሳሻት፣ አንጓዋ ላይ ሦስት ቦታ ቆዳው ጎድጎድ ብሎ አገኘሁት፤ ካልሲ እግር ላይ የሚተወው ዓይነት ምልክት። ማሰሪያ ነው። የእኔ ፋሻ እንደዚያ ያለ ምልክት አይተውም፣ ደግሞም ጠዋት ጠዋት ፈትታው ነው የምትሄደው። አምባር ይሆናል አልኩ ለራሴ። ሌሊሴ አምባር አድርጋ አታውቅም። ጣቴ እዚያ ጉድጓድ ላይ ትንሽ ቆመ፤ ከዚያ ማሸቴን ቀጠልኩ።

ታኅሣሥ ሲገባ በዛብህ መጣ። በዛብህ ጎረቤቴ ነው፣ እኩያዬ፣ የአንበሳ አውቶቡስ ሲነዳ ኖሮ ጡረታ የወጣ፤ ሃያ ዓመት እሑድ እሑድ ዳማ ተጫውተናል። በር ላይ ቆሞ ልጅህ ምን ሆነች አለኝ። ቤቴል አንድ ክሊኒክ በር ላይ እጇን በጥቁር ነገር ታስራ ስትወጣ አይቷት ሰላም ሊላት ሲል ሮጣ ታክሲ ገባች። ደሜ ፈላ። መጀመሪያ መነጽርህን ጥረግ አልኩት። ቀጥዬ ደግሞ የሰው ቤት ከማየት የራስህን ጣሪያ አስጠግን፣ ያፈስብሃል፣ አልኩት። እሱ እኮ በክፋት አልነበረም የመጣው። ፊቱ ቀላ፣ ኮፍያውን አስተካክሎ እንደፈለግህ ብሎኝ ሄደ።

በማግሥቱ ከአሥራ አንድ ሰዓት ጀምሮ አየር ጤና ፌርማታው አጠገብ፣ ከጎሚስታው የጎማ ክምር ጀርባ ቆሜ ጠበቅኋት። ጎሚስታው ምን ፈልገህ ነው ጋሼ ቢለኝ ጎማ አልኩት፤ መኪና የለኝም። ብዙ ታክሲ መጥቶ አራገፈ። ጨለም ሊል ሲል ሌሊሴ ወረደች። ሐኪም ቤት የሚሰጠው ዓይነት ጥቁር የእጅ ድጋፍ ቀኝ እጇ ላይ ከመዳፏ እስከ ክንዷ መሐል ታስሯል። ወደ ቤት አልታጠፈችም፤ የተዘጋች ሱቅ ጥግ ሄደች። ዙሪያዋን አየችና ማሰሪያውን በጥርሷ ይዛ ቸርር አድርጋ አላቀቀችው፤ ሦስቱንም አንድ በአንድ። ድጋፉን ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች። ከዚያ ቆዳዋን፣ ምልክቱ ያለበትን ቦታ፣ በሌላኛው እጇ ፈተገች፣ ፈተገች። እጅጌዋን ስባ አወረደች። ፊቷንም አስተካከለች፤ ያ ሁልጊዜ በሬን ከፍታ ስትገባ የማየው ፈገግታ እዚያ ሱቅ ጥግ የሚሠራ መሆኑን ያየሁት ያን ዕለት ነው።

መጀመሪያ ተናደድኩ። ናቀችኝ አልኩ፤ የወጌሻ ልጅ ሆና በአባቷ ላይ ሐኪም ያዘች። ከዚያ ነገሩ ገባኝ። የምታወልቀው ለእኔ ነው። ልጅቷ ሐኪሟን ሰምታ ቀኑን ሙሉ እጇን ታስረዋለች፤ ማታ ሰፈር ስትደርስ ደግሞ የአባቷ ስም እንዳይጎድል ታወልቀውና እጇን ታመጣልኛለች። የጎማው ክምር ላይ ተቀመጥኩ። ጎሚስታው ውሃ ላምጣልህ አለኝ።

አሁን ሰው የሆነ ሰው ቢሆን ምን ያደርግ ነበር? ሮጦ ደርሶ ልጄ ሆይ አይቻለሁ፣ ተይው፣ ይላታል። እኔ በጋራዦቹ መሐል በአቋራጭ ሮጥኩ። ቀድሜያት ቤት ገባሁ፣ ዘይቱን አሞቅሁ፣ ወንበሬ ላይ ተቀምጬ ትንፋሼን ዋጥኩ። ገባች። እንዴት ዋልክ አባዬ አለች፣ ዱካዋን ሳበች፣ እጇን ጭኔ ላይ አደረገች። ራሷ ትንገረኝ አልኩ በልቤ፤ ዛሬ ትነግረኛለች፣ ካልሆነ ነገ። እኔ ከተናገርኩ ተደብቄ እንዳየኋት ልነግራት ነው፤ አርባ ዓመት የሠራሁበት እጅ ለልጄ እንዳልሆነ በራሴ አፍ ልናገር ነው። አቃተኝ። አሸኋት።

ያን ዕለትና በማግሥቱ ቀስ ብዬ ነበር፤ እንደማሻ አስመስዬ ዘይት ብቻ ቀባሁት። በሦስተኛው ማታ ሌሊሴ ቀና ብላ አየችኝና ዛሬ እጅህ ደከመ እንዴ አለችኝ። ፊቷ ላይ ያየሁት ጭንቀት ነው፤ አባቴ አረጀ ብላ ይሁን፣ አወቀብኝ ብላ፣ እስከ ዛሬ አላውቅም። የለም፣ ማን ይደክማል፣ አልኳት። እንዳልደከመ ላሳያት ደግሞ እንደ ድሮው አጥብቄ አሸሁ፣ አንጓውንም ይዤ ሳብኩት። ሻርፗን ነከሰች። ካየኋት በኋላ ዘጠኝ ማታ አሸኋት። ቁጥሩን የማውቀው ቆጥሬ ስለምተኛ ነው።

በአሥረኛው ቀን ጠዋት ቁርስ ላይ ነበርን። ሌሊሴ የሻይ ብርጭቆዋን አንስታ መልሳ አስቀመጠችና እጇን ትክ ብላ አየችው። ትንሿ ጣትና አጠገቧ ያለችው ወደ ታች ተንጠልጥለዋል። ቀና ልታደርጋቸው ሞከረች፣ አልተነሡም። አመመሽ ወይ አልኳት፣ ምንም አላመማትም። በጣቴ ደግፌ አነሳኋቸው፤ ስለቃቸው ወደቁ። እንደገና አነሳኋቸው፣ እንደገና ወደቁ። ስብራት አውቃለሁ፣ ውልቃት አውቃለሁ፣ ይዤ የምመልሰው ነገር አለው። እዚህ ግን የምይዘው ነገር አልነበረም። እንሂድ ሐኪም ቤት አልኳት፤ እሷም ሻርፗን ለበሰችና ተነሳች።

ታክሲው የኋላ ወንበር ላይ ተቀምጠን እጇን ደረቷ ላይ አቅፋው ነበር። አንድ ነገር ልንገርህ፣ እንዳትቆጣኝ፣ አለችኝ። ምን፣ አልኳት፣ ምንም እንደማያውቅ ሰው። ከጥቅምት ጀምሮ ሐኪም ጋ እንደምትመላለስ፣ በሳምንት አንዴ የሚዋጥ መድኃኒት እንደምትወስድ፣ ድጋፍም እንዳላት ነገረችኝ። እያለቀሰች ይቅርታ ጠየቀችኝ። አስቡት፣ እሷ እኔን። እኔም አየ ሌሊሴ፣ እንዲህ ታደርጊኛለሽ፣ አልኳት። እንዲያ አልኩ በአፌ።

ክሊኒኩ ውስጥ በስሟ ያውቋታል። ሐኪሟ ዶክተር ራዕይ የምትባል ወጣት ናት፤ ከሌሊሴ ብዙም አትበልጥም። ጣቶቿን ቀጥ አድርጊያቸው አለቻት፣ አልሆነም። አንጓዋን ከላይ ዳሰሰች። አዳሰሷን ሳይ ገባኝ፤ ላባ የምትነካ ነው የምትመስለው፣ አንዴም አልጫነችውም። ከዚያ ወደ እኔ ዞራ ቁጭ ይበሉ አባት አለችኝ። ካርዱን ገለጠች። ጥቅምት ላይ የተጻፈ ነው፤ ሲኖቫይተስ የሚለውን ቃል በጣቷ አሳየችኝ።

ምን ማለት ነው ብዬ ጠየቅኋት። በትዕግሥት ነው የነገረችኝ። አጥንት ከአጥንት በሚገናኝበት ቦታ ውስጡን የሚሸፍን ስስ ነገር አለ አለች፤ መገጣጠሚያው እንዳይፋተግ የሚያለሰልሰውን ፈሳሽ የሚሠራው እሱ ነው። እሱ ሲቆጣና ሲያብጥ ሲኖቫይተስ እንለዋለን። ብርድ ነዋ አልኳት። ብርድ አይደለም አለች። ቃሉ የበሽታው ስምም አይደለም፤ ውስጥ የሆነውን ብቻ ነው የሚናገረው፣ ያስቆጣው ምን እንደሆነ ገና ከዚያ በኋላ ይፈለጋል። አንዱን ውድቀት ያስቆጣዋል፣ አንዱን ተሐዋስያን፣ ሌላውን ሪህ። የሌሊሴን ያስቆጣው የራሷ ሰውነት ነው፤ ሊጠብቃት የተፈጠረው ነገር መገጣጠሚያዋን እንደ ጠላት ቆጥሮ ይወጋዋል። የተቆጣው ሽፋን እያበጠ ሄዶ ከላዩ የሚያልፉትን የጣት ጅማቶች ይበላቸዋል። ሁለቱ ተበጥሰዋል አለች።

እኔ አንድ ነገር ብቻ ነበር መስማት የፈለግሁት።

"ይታሻል?" አልኳት።

"አይታሽም፣ አባት። እንዲህ ሲሞቅና ሲያብጥ አይታሽም፣ አይሳብም። እዚሁ ጽፌላታለሁ።"

ካርዱ ላይ አሳየችኝ። እንዳይታሽ፣ ድጋፉ እንዳይወልቅ። እዚህ ሰፈር ሰው ሁሉ ስለሚታሽ ለሁሉም እንደምትጽፈው ነገረችኝ። ቀጥላ ወደ ሌሊሴ ዞራ፣ አንጓሽ ላይ የዘይት ሽታ አለ፣ ማን ነው የሚያሽሽ አለቻት። አፌን ልከፍት ነበር፤ እመኑኝ፣ ልከፍት ነበር።

"ራሴ ነኝ፣ ዶክተር" አለች ሌሊሴ። "ሲያመኝ ራሴ አሸዋለሁ።"

ዶክተሯ ወደ እኔ ዞረች። እጆቼን አየቻቸው፤ ጭኔ ላይ ዘርግቻቸው ነበር፣ ጥፍሮቼ ሥር የኑግ ዘይቱ ጥቁር ብሏል። ሰብስቤ ከኮቴ ሥር ከተትኳቸው። ትንሽ ቆይታ ሳይታሽም ሊበጠስ ይችል ነበር አለች፣ ይህን ያለችው ለእኔ ነው። ማሸቱና መሳቡ ግን ያፈጥነዋል አለች። ይህንንም ለእኔ ነው ያለችው። የተበጠሰውን ጅማት ከጎኑ ካለው ጋር የሚያያይዝ ቀዶ ሕክምና አለ፣ ወደ ትልቁ ሆስፒታል ወረፋ እንጽፋለን አለች። ሹሩባ መሥራት ትችላለች ወይ ብዬ ጠየቅሁ። ሌላ ሥራ ብታስብ ይሻላል አለችኝ፣ ዝቅ ባለ ድምፅ። ሌሊሴ ግድግዳው ላይ የተለጠፈውን የእጅ ሥዕል እያየች ነበር።

ከአየር ጤና ስንወርድ ድጋፉ እጇ ላይ ነበር። ወደ ሰፈር ስንታጠፍ ሻርፗን አውልቃ ጣል አደረገችበት። ተይው አልኳት። ሰው ያያል አባዬ አለች። ይዩ አልኳት፤ አልሰማችኝም፣ ሻርፗን እንደያዘች በጋራዦቹ በኩል አለፈች። ከጋራዡ አንዱ ጋሽ ባጫ ትከሻዬ ዞሮብኛል ነገ እመጣለሁ አለኝ። ሌሊሴ ፈጥና ይምጡ፣ ይኖራል፣ አለችው።

ቤት ገብተን ተቀመጥን። ዱካዋ እዚያው ማታ የተውናት ቦታ ነበረች፣ የዘይቱ ጣሳም ከጎኗ። መጠየቅ የማይገባኝን ጥያቄ የጠየቅሁት ያኔ ነው።

"ለምን አልነገርሽኝም?"

"ነግሬህ ቢሆንስ? የወጌሻው ልጅ ሐኪም ቤት ትመላለሳለች ቢባል ማን ይመጣልህ ነበር? እኔ ሌላ ሥራ እለምዳለሁ። አንተ ከዚህ ሌላ ምን አለህ?" እንባዋን በድጋፉ ጠረገች። "ደግሞ አንተ ምንም አላጠፋህም። አላወቅህማ።"

አላወቅህማ አለችኝ። በዚያች ሰዓት ስለ ጎማው ክምር፣ ስለ ሱቁ ጥግ፣ ስለ ዘጠኙ ማታ ልነግራት ይገባ ነበር። ቀና ብላ ስታየኝ ግን ዓይኗ ውስጥ አንድ ነገር ብቻ ነበር የቀራት፤ ባያውቅ ነው እንጂ አባቴ አይጎዳኝም የሚለው። እጇን ወስጄባት ያንን ደግሞ እንዴት ልውሰድባት? ወይም ይህ ሰበብ ነው። ፈሪ ስለሆንኩ ይሆናል። ዘይቱን አንስቼ ውጭ ወጣሁና ቦይ ውስጥ ደፋሁት።

ቀዶ ሕክምናው ሚያዝያ ላይ ተደረገላት። ሁለቱ ጣቶች ይነሣሉ፣ ግማሽ ድረስ፤ ኩባያ ትይዛለች፣ ቁልፍ ታዞራለች፣ የፀጉር ዘለላ ለይተው መያዝ ግን አይችሉም። መድኃኒቱን አላቋረጠችም፣ ሆኖም ግንቦት ላይ የግራ አንጓዋም አበጠ። ዶክተር ራዕይ መድኃኒት ጨመረችላት፣ ለግራውም ድጋፍ ሰጠቻት። ሜሪ ዓለም ባንክ ፀጉር ቤቱን ከሌላ ልጅ ጋር ከፈተችው። የመክፈቻው ዕለት ሌሊሴ ለብሳ፣ ተኳኩላ ሄደች፤ እኔም አብሬያት ሄድኩ። በሩ ላይ የተጻፈውን አነበብኩ፤ ሜሪና ሌሊሴ ይላል። ሜሪ ስሙን አልቀየረችውም፣ ለክብሯ ብላ ነው። ሌሊሴ አቅፋ ሳመቻት።

እኔ ሥራ አቁሜያለሁ። ሰው በሬን ሲያንኳኳ አይታሽም፣ ሂዱና ታዩ፣ እላለሁ። ይስቁብኛል። አንዳንዱ ጋሽ ባጫ አረጀ ይላል፣ አንዳንዱ በልጁ ሐዘን ነው ይላል፤ ወደ ሌላ ወጌሻ ይሄዳሉ። ያ ጉልበቱ ያበጠው ሰውዬ በምርኩዝ ሲሄድ አየሁት፤ ሰላም ብሎኝ አለፈ፣ ሚስቱም አልተቀየመችኝም። ቢሰድቡኝ ይሻለኝ ነበር።

ጠዋት ጠዋት ሁለቱንም ድጋፍ የማስርላት እኔ ነኝ፤ በጥርሷ እንዳትይዘው። ሦስቱን ማሰሪያ አንድ በአንድ አሳልፌ እለጥፈዋለሁ፣ አጠበቅሁት ወይ እላታለሁ፣ ልክ ነው አባዬ ትለኛለች። ሊጠይቃት የሚመጣ ዘመድ ሁሉ ምነው አባትሽ እያለልሽ ሲላት፣ ምን ያድርግ፣ አላወቀም እኮ፣ ነግሬው ቢሆን ኖሮ እኮ እሱ ነበር ሐኪም ቤት የሚወስደኝ፣ ትላለች። እንግዶቹ ወደ እኔ ዞረው አይዞህ፣ እግዜር ይማርልህ ይሉኛል። እኔም አሜን እላለሁ።

ባለፈው እሑድ በዛብህ መጣ። ከታኅሣሥ ወዲህ ደጃችንን ሲረግጥ ያን ዕለት የመጀመሪያው ነው፤ ብርቱካን ይዞላታል። እኔ እጇን ጉልበቴ ላይ አድርጌ የግራውን ድጋፍ እያሰርኩላት ነበር። በዛብህ ቁጭ ብሎ እጇን አየና ከንፈሩን መጠጠ። ሌሊሴም እንደ ልማዷ ጀመረች፤ ጋሽ በዛብህ፣ አባዬን እንዳይፈርዱበት፣ ደብቄው ነው እንጂ ምንም አላወቀም ነበር፣ አለችው።

በዛብህ ቀና ብሎ አየኝ። ማሰሪያው እጄ ላይ ቀረ። በር ላይ ቆሞ የነገረኝን፣ እኔም ስለ ጣሪያው የመለስኩለትን፣ ሁለታችንም እናስታውሳለን። ያኔ ቢናገረው ኖሮ እገላገል ነበር፤ ተናገር እያልኩ በዓይኔ የለመንኩት ይመስለኛል፣ ወይም አትናገር እያልኩ።

"አዎ፣ ልጄ" አላት። "ከየት ያውቃል።"

ብርቱካኑን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ፣ ኮፍያውን አነሳ፣ ሻይ ይጠጡ ብትለው እሺ አላለም። ወደ እኔ ሳያይ ወጣ። ጋሽ በዛብህ ምን ሆኑ፣ ቅር አላቸው እንዴ፣ ብላ ጠየቀችኝ። ቸኩሎ ነው አልኳት፣ ሦስተኛውን ማሰሪያ አሰርኩላት፣ አጠበቅሁት ወይ አልኳት።

ልክ ነው አባዬ አለችኝ።